የጠገበው ውኃ

ከባሕር ዳር ወጥቼ ገና ሳይነጋ፣
ዋገጠራ ደረስኩ ብርሃን ሲዘረጋ፤
በጫማዬ ጭቃ፣ በኪሴ ደብተር፣
ሥራ ከያዝኩ ገና ሦስተኛው ወር።

ወይዘሮ የሻረግ ማሳዋ ዳር ቆማ፣
ቢጫ የቲማቲም ቅጠል አስቀድማ፣
«እያት እስቲ» አለች፣ «ይህችን ምን ነካብኝ?
ጎረቤት ‹ዓይን ነው› እያለ ነዘነዘኝ።»

ደብተሬን ገለጥኩ። ናይትሮጅን፣ ፎስፈረስ፣ ፖታሽ፣
ኮሌጅ እንዳጠናሁት፣ ሳላጎድል ጭራሽ።
ሣቀች። «ይኼ ደግሞ የማን አስማት ነው?
ስሙንስ ጠራኸው፤ ሥራውስ ምንድን ነው?»

ደብተሬን ዘጋሁት። ቁጢጥ አልኩኝ መሬት።
«የታችኛው ገርጥቷል፣ የላዩ ለምለም ነው፤
አሮጊቷ ቅጠል ከጉሮሮዋ ነው
ነጥቃ የምታጎርስ ለአዲሱ ቀንበጥ፤
መሬት ሲነፍጋት ነው የራሷን የምትሰጥ።
ናይትሮጅን ያልኩዎት ይኸው ነው፣ እማማ፤
እግር አለው፤ ይሄዳል ችግር ከተሰማ።
ፎስፈረስ ሲጎድል ቅጠሉ ይጠቁራል፣
ብርድ የመታው ከንፈር፣ ወይን ጠጅ ይመስላል።
ካልሲየም ግን ግትር፤ አንዴ ቤት ከተከለ፣
የፍሬው ቂጥ ቢጠቁር ‹ምን ገዶኝ!› እያለ።
ሌላም አለ፤ ዚንኩ፣ ብረቱ፣ ቦሮኑ፣
የጣት ጫፍ ቁንጥር ነው የሁሉም መጠኑ።»

«ገባኝ» አለች፣ «ጨው ነው፤ ሲገባ አይታይም፤
ሲቀር ግን ድስት ሙሉ ወጥ የሚበላው የለም።»

ከዚያ ዝም አለች። ቅጠሏን ዳሰሰች፣
ፊቷን ወደ ጣና ቀስ ብላ መለሰች።

«አምና ለሩዙ ብዬ በዱቤ ገዛሁ፤
ሁለት ኩንታል ሙሉ፣ በትኜ ተኛሁ።
በሦስተኛው ሌሊት ሰማዩ ተቀዶ፣
ጉማራ ሞልቶበት፣ ዳርቻው ተንዶ፣
ማሳዬን ላሰልኝ፤ ጨው የመሰለውን
ዩሪያ፣ ያን ዕዳዬን፣ ገና ያልከፈልኩትን።
እስቲ ያንን እየው።»

አየሁት።

እንቦጩ ወፍሯል፤ አንገቱ ተነፍቶ፣
ቅጠሉ ያብለጨልጫል ቅቤ ተቀብቶ፤
አንዲት ታንኳ ቆማ መውጫ መግቢያ አጥታ፣
በአበባ ተከባ፣ እንደ ሙሽራ ተዘግታ።
ያው ቀለም! ደነገጥኩ። ፎስፈረስ የራበው
ቅጠሏም፣ የጠገበው አበባም፣ ወይን ጠጅ ነው።

«አበባው አማረህ?» አለችኝ። «የእኔ ነው።
ማኅበሩ መዝገብ ላይ ስሜ ያለበት ነው፤
ወለዱ ነው ያበበ።
መሬቴ ስትራብ፣ እኔም ስራብ፣ አውቃለሁ፤
ውኃ ጠግቦ ሲያገሳ ግን ዘንድሮ አየሁ።»

ደብተሬ ውስጥ የለም ለዚህ የሚሆን ገጽ።

በሳምንቱ መጣሁ። ውኃው እስከ ጡታቸው፣
የሻረግ፣ ማንጠግቦሽ፣ ስንዱ፣ ሦስቱም ናቸው፤
እንቦጭ ይጎትታሉ ከሥሩ ነቅለው፣
እንደ እልኸኛ ጥጃ በጆሮው ይዘው።
«ዘር ይዞ እንዳይመጣ ያላበበውን ነው፤
ፀሐይ ከመታው ኋላ፣ ካመድ፣ ከእበት ጋር ነው…»
«ኧረ ተወን!» አለች ማንጠግቦሽ በሣቅ፣
«ስናበስል ኖረን፣ ማበስበስ አናውቅ?»

ጉድጓዱን አፍነው እንቦጩን ቀበሩት፤
በወሩ አገላብጠው፣ በሦስት ወሩ ከፈቱት።
አልሸተተም። ጥቁር፣ ለብ ያለ፣ ዝምተኛ፣
ወደ አገሩ የገባ የማሳ ስደተኛ።

አሁን ባሕር ዳር ነኝ፤ ስብሰባ በስብሰባ፤
ሪፖርቴ ላይ የለም ያ ሣቅ፣ ያ አበባ።
ትናንት ከወረታ በመጣው ሚኒባስ፣
ፌስታል ላከችልኝ፣ ታስሮ እንዳይፈስ።
አሥር ቲማቲም ነው። ዘጠኙ ቀይ፣ ጠንካራ፣
እንደ ማለዳ ጀምበር ከውስጥ የሚያበራ።
አሥረኛው ከሥሩ ጠቁሮ ጎድጉዷል፤
ብጫቂ ወረቀት ላይ በልጇ እጅ ተጽፏል፦

«ያ ግትሩ ሰውዬህ አልተነሣም ዛሬም፤
ዕዳውም አላለቀ፤ እንቦጩም፤ እኔም።
ና። ደብተሩን ግን ተወው።»