ዋና

ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት፣ ዋርዱ ጸጥ ሲል፣
ከአርማጭሆ የመጣችው እናት ምጧ ሲቀል፣
ጓንቴን አውልቄ፣ እጄን ታጥቤ፣
ከመዝገቡ ሥር የደበቅሁትን ወረቀት ስቤ፣
እደምራለሁ።

አዋላጅ ነኝ፤ አሥራ አንድ ዓመት ሆነኝ።
ምጥ አውቃለሁ፤ ይኼኛው ምጥ ግን አታለለኝ።

የዛሬ አምስት ዓመት፣ በሚያዝያ ሙቀት፣
አዘዞ መንገድ ዳር፣ ሁለት ክፍል ቤት፣
ከነግማሽ አጥሩ፣ ከነሎሚ ዛፉ፣
ስድስት መቶ ሺህ ተበድረን ገዛን።
«በወር ሰባት ሺህ ስድስት መቶ ሰማንያ» አለን አቶ ቸኮል፣ የባንኩ ሰው፣
ከረባቱን እያላላ።
አዛናው አየኝ፤ አየሁት፤ «እንችላለን» አልነው።
ወሩን ጠየቅን እንጂ ዘመኑን አልጠየቅነው።
አሥራ ዘጠኝ ገጽ ላይ አሥራ ዘጠኝ ጊዜ ፈረምሁ፤
አንዱን እንኳ አላነበብሁ።
የቁልፍ ድምፅ ነበር ጆሮዬን የሞላው፣
ገና ኪሴ ሳይገባ።

ዘንድሮ በኅዳር ስቴትመንት አወጣሁ፤
ቆሜ ማንበብ ጀመርሁ፣ መሐሉ ላይ ተቀመጥሁ።
ስድሳ ወር ከፍያለሁ፣ አንድም ወር ሳላዛንፍ፤
አዛናው ታሞ በተኛበት ክረምት እንኳ፣
የአንገቴን ወርቅ ሸጬ፣ ቀኑን ሳላሳልፍ።
አራት መቶ ስድሳ ሺህ ስምንት መቶ ብር።
ከዋናው የተነካው?
ሠላሳ ሰባት ሺህ፣ ከፍርፋሪው ጋር።

የቀረው የት ሄደ? ወለድ ሆነ፣ ወለድ።
የኔ ሥራ ማዋለድ፣ የሱ ሥራ መውለድ፤
ያለ ምጥ፣ ያለ ደም፣ ያለ አዋላጅ እጅ፣
ወር በገባ ቁጥር ይገላገላል አንድ ልጅ።
እኔ ነኝ የማጠባው፤
ሲጠሩት ግን በባንኩ ስም ነው።

የመጀመሪያውን ወር ፈልጌ አየሁት፤
ሰባት ሺህ ሁለት መቶ ሃምሳው ለወለድ፣
አራት መቶ ሠላሳው ለቤቱ።
ለምርቃቱ ያረድሁት ዶሮ እንኳ ይበልጠው ነበር!

ሃያው ዓመት ሲሞላ ሦስት ቤት ከፍለናል ማለት ነው፤
አንዱ የምንተኛበት፣
ሁለቱ በር የሌላቸው፣
ሎሚ የማይበቅልባቸው።
የነዚያን የሁለቱን ኮርኒስ ስሠራ ነው ሌሊቴ የሚያልቀው።

ለአዛናው ነገርሁት። ብዙ ዝም አለ።
«ኪራይስ ቢሆን?» አለኝ፣ «እትዬ አትጠገብ በየመስከረሙ አይጨምሩም ነበር?
ያ ተበልቶ ቀረ። ይኼ ቢያንስ ግድግዳ አለው።»
እውነቱን ነው። እንቅልፍ ግን አልወሰደኝም።

ለጥምቀት ወደ ቀሃ ወረድን፣ ወደ ፋሲል መዋኛ።
ካቡን ጨብጦ የያዘውን የዛፍ ሥር አየሁት።
እንግዳ ሰው «አቀፈው» ይላል፤ እኔ ግን አላውቅም፤
ማቀፍና ማነቅ ከሩቅ አይለይም።
ጎረምሶቹ ከነልብሳቸው ዘለሉ፤
አቤኔዘር ነጠላዬን ጎተተና፣
«እማ፣ አንቺ ዋና ታውቂያለሽ?» አለኝ።
ምን ልበለው?
አምስት ዓመት ሙሉ ወለድ ውስጥ ስንቦራጨቅ፣
እግሬ መሬት የነካ መስሎኝ፣
ዋና ምን እንደሆነ ሳላውቅ።

ሰኞ፣ ከአዳር ወጥቼ፣ ዓይኔ እንደ ቀላ፣
ባንኩ ሳይከፈት በሩ ላይ ቆምሁ።
አቶ ቸኮል ተዛውሯል፤ አንዲት ልጅ እግር ተቀበለችኝ።
«ከአዳር አበሌ በየወሩ አንድ ሺህ ልጨምር፤
ግን ለወለዱ አይደለም፣ ለሚመጣው ወርም አይደለም፤
ዋናው ላይ። ዋናው ላይ ብቻ።»
ጣቷ ማሽኑ ላይ ተራመደ።
«ከአራት ዓመት በላይ ያሳጥርልሻል» አለችኝ።
አራት ዓመት ስንት ሌሊት ነው? ስንት ምጥ?

ደረሰኙን አጥፌ ባጃጅ ውስጥ ገባሁ።
«ወዴት ነሽ?»
«ቤቴ» ልል ነበር፤ «አዘዞ» አልሁት።
ከአሥራ ስድስት አንዱ እጅ ነው እስካሁን የኔ፤
በሩ ቢሆን ነው።
እና ሎሚዋ።
አሥራ ዘጠኙንም ገጽ አሁን አንብቤዋለሁ፤
ሎሚዋን ውሉ ላይ አልጻፏትም።