ሠላሳ አንድ ቮልት

ፊንላንድ፣ ካያኒ፣ በየካቲት ማታ፣
በረዶ መስኮቱን በጡጫ ሲመታ፣
ኢርሜሊ ወረደች ወደ ምድር ቤቱ፣
ታውኖ ከሞተ ዘጠነኛ ሌሊቱ።

የለበሰችው የሱን ሹራብ ነው፣
የብየዳ ጠብታ ክርኑን የበሳሳው።

መብራት ስታበራ ጠረጴዛው እንዳለ፤
ብረቱ ማረፊያው ላይ፣ ጫፉ እንደ ከሰለ፤
ሆዱን ዘርግፎ የተኛ የጊታር ማጉያ፣
ቀይ ሽቦ፣ ጥቁር ሽቦ፣ ገና ያለ መከለያ።
ሳራቶቭ የተሠሩ አራት የመስታወት ቫልቮች፣
ከድሮ ጦር መጋዘን በርካሽ የተሸጡ ዓይኖች፤
ከሰማይ ጠላትን ሊፈልጉ ተወልደው፣
ለጎረቤት ልጅ ጊታር ሊያጓሩ ተሰልፈው።

ያን ማታ ለኩሷቸው ነበር፤ ቮልቱን በየእግራቸው ለክቶ፣
በእርሳስ ጽፎ፣ ሶኬቱን ነቅሎ፣ ወደ ላይ ወጥቶ፣
«የቀረው የነገ ነው» አላት፤ እርጎውን ጠጣ።
ነገም መጣ።

ኢርሜሊ ሽቦን አትፈራም። ሠላሳ ዓመት በስልክ ቤት
የከተማውን ወሬ በጣቶቿ ስታገናኝ ኖራለች።
ይህ ግን ሌላ ነው። የስልክ ሽቦ ይቆነጥጣል፤
ይሄኛው ልብ ያቆማል።
ታውኖ ቀልድ በሌለው ድምፅ ይላት ነበር፦
«ከግድግዳ ስለተነቀለ ሞተ እንዳትዪ።
ካፓሲተር ቂመኛ ነው፤ የበላውን አይረሳም።
አንዱን እጅሽን ኪስሽ ክተቺ፤
በሌላው ንኪ።»

ግራ እጇን ኪሷ ከተተች።
በቀኟ የመለኪያውን ጫፍ አስጠጋች።
ሠላሳ አንድ ቮልት።

ሠላሳ አንድ።
ዘጠኝ ቀን ሙሉ፣ ቄሱ ሲናገር፣ አበባው ሲደርቅ፣
ዘመድ አዝማድ ዓሣውን በልቶ በር ላይ ሲሳሳቅ፣
እዚህ በጨለማው፣ በቆርቆሮ ጣሳ ውስጥ፣
ከሦስት መቶው የተረፈ፣ ለማንም ሰው ሳይገለጥ።

ልታፈሰው ይገባል። ደንብ ነው።
እጇ ግን እንቢ አለ።
«ሌላ ምን ትቶልኛል» አለች፣ «ገና ያልቀዘቀዘ?»

ያኔ ነው ግራ እጇ፣ ከኪሱ ጥግ፣ አንድ ነገር የዳሰሰው፤
ባቄላ የሚያህል፣ ሁለት እግሩ ለመበየድ የተቆለመመ።
ሬዚስተር። ቀይ፣ ቀይ፣ ቢጫ ቀለበት።
ንድፉ ላይ ቦታው ባዶ ነበር፤ የረሳው መስሏት ነበር፤
ማፍሰሻው፣ የካፓሲተሩን ቂም ማስለቀቂያው።
አልረሳም። ለነገ ኪሱ ከትቶት ነው።

በጎማ ለበስ ጉጠት ይዛ ሁለቱን ጫፍ አገናኘች።
ሃያ ሦስት። አሥራ አራት። ዘጠኝ።
ባቡር የሚሸኝ ሰው እንደሚያይ ቁጥሩን አየች።
አራት። ሁለት።
ከዚያ ብረቱን ሰካች፤ የሙጫው ጭስ ዓይኗን አስለቀሳት፤
ጭሱ ነው፤ ለጭሱ እንተውለት።

ግን ማጉያው ሲለኮስ አጉረመረመ፣
ጥግ ይዞ፣ እንደ በሬ የታመመ።
ሦስት ሳምንት ፈለገችው፤ በመጨረሻም አገኘችው፦
የመሬቱ ሽቦ ሁለት ቦታ ላይ ነበር የተበየደው።
ሁለት መሬት የረገጠ ነገር ዝም አይልም፤
እዚህም እዚያም ቆሞ ማንጎራጎር አይተውም።
አንዱን ቆረጠች።
ጸጥ።

ሚያዝያ ላይ ቬንላ መጣች፣ የጎረቤት ልጅ፣
ጥፍሯ ጥቁር ቀለም፣ ጊታሯ በፕላስቲክ ከረጢት።
ቫልቮቹ ብርቱካን መልክ እስኪይዙ ጠበቁ።
አንዲት ክር መታች፤
መደርደሪያው ላይ የብሎን ጣሳ ተንቀጠቀጠ፤
ሻካራ ድምፅ፣ ሌሊቱን ሲያስል እንዳደረ ጉሮሮ።
«በጣም ያስጠላል» አለች ቬንላ እየሳቀች፤ «ልወስደው?»

ኢርሜሊ ግራ እጇን ኪሷ እንደከተተች ማብሪያውን አጠፋች።
ልጅቷ አላየችም፤ መምታቷን ቀጠለች።
ድምፁም ወዲያው አልሄደም፤
አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት ሰከንድ
ተሰነጠቀ፣ ቀጠነ፣
ከዚያ የክሩ ብቻ ሆነ።