ቀሪ

ትምህርት ቤት የሄድኩት እስከ ሦስተኛ ነው፤
ከዚያ ጀርባዬን ቅርጫት፣ ጣቴን ሻይ ቅጠል ወሰደው።
ከኑዋራ ኤሊያ ማዶ፣ ጭጋግ ከማይለቀው ቁልቁለት፣
የመምህር ሴልቫናያጊን ስንኝ ይዤ ቀረሁ፣ እሱኑ ስደጋግምበት፦
«አካፋይ ከደጅ ነው፣ ተካፋይ ከቤት፤
ድርሻው ከጣሪያው ላይ፣ ቁጭ በአናት፤
ለሁሉ የማይደርስ ካለ መጨረሻ፣
ስሙን ቀሪ በሉት፣ አይባልም ድርሻ።»

አራት ነን፤ አንድ ሚዛን፣ አንድ ጆንያ፤
ማሊካ፣ ራኪያማ፣ እኔ ሲቫጋሚ፣ ሳቂታዋ ፑንያ።
ጉሙ ሲወርድ ከሚዛኑ ኋላ አሩላናንዳም ይቆማል፤
እርሳሱን ከጆሮው ያወርዳል፣ ምላሱን ያስነካል፣ ይጽፋል።
«ሰማንያ ሰባት ኪሎ ለአራት፤ ሃያ አንድ፣ ሃያ አንድ፤
ሦስቱ ቀሪ ነው፤ ቀሪ ለኩባንያ፣ የቆየ ልማድ።»
እሺ አልኩ። የተማርኩትም ልክ እንዲያ ነበረ።
አስራ ዘጠኝ ዓመት ሦስት፣ ሁለት፣ አንድ ኪሎ ከሚዛኑ ቀረ።

ኮኪላ ልጄ አምስተኛ ናት። ትናንት ማታ
መብራት ጠፍቶ፣ ኩራዝ ለኩሳ፣ በሆዷ ተኝታ
ማካፈል ትሠራለች። አወቅሁት ግድግዳና ጣሪያውን፤
እንደ ዱሮ ጎረቤት ሰላም ልለው ቃጣኝ ቤቱን።
«ቀሪ ሦስት» አልኳት፤ «በቃ፣ አለቀ፣ እጠፊው።»
«አላለቀም» አለች፤ ቀና እንኳ አላለች፤ «አንዴ ጠብቂው።»
ከሃያ አንዱ ቀጥላ ነጥብ አኖረች፣ ቅጫም የምታህል፤
ዜሮ አወረደች፣ ከየት እንዳመጣቻት ሳትል።
«ሦስት ሙሉ ለአራት አልደርስ ቢል፣ ሠላሳ አስረኛ አርገሽ እይው፤
ሰባት ሰባት ይደርሳል፤ ሁለት ይተርፋል፤ ዜሮ ስጪው፤
ሃያ ሆነ፤ ለአራት አምስት አምስት፤ ተመልከቺ ከታች።»
ከታች ምንም የለም። ዜሮ ብቻ፣ እንደተጠረገ ደጅ ተቀምጣለች።

ሃያ አንድ ነጥብ ሰባት አምስት።
በር ኖሯል፣ እኔ ግድግዳ ያልኩት።
እንቅልፍ አልወሰደኝም። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲቆጥር
እኔም ቆጠርኩ፤ ሩብ፣ ግማሽ፣ ሦስት ሩብ፤
ያስራ ዘጠኝ ዓመት ስባሪ፣ ስንት ጫማ፣ ስንት ደብተር።

ጠዋት ስም ጥሪ። «ራኪያማ?» አቤት። «ፑንያ?» አቤት አለች።
«ማሊካ?» ዝም። «ማሊካ?» ሳሏ ብሶባት ሆስፒታል አድራለች።
ጸሐፊው ከስሟ ትይዩ ጻፈ፦ ቀሪ።
አንድ ቃል ብቻ ነው ያለው፣ ለሰውም ለቅጠል ፍርፋሪ።

ማታ ሦስት ሆነን ቆምን። ሚዛኑ ሰማንያ አምስት አለ።
«ሃያ ስምንት፣ ሃያ ስምንት፣ አንዱ ቀሪ» ሲል ሥራውን ጠቀለለ።
«ነጥብ» አልኩት። «ምን?» «ነጥብ አድርግና ዜሮ አውርድ፣ አስር ይሁን፤
ለሦስት፣ ሦስት ሦስት ይደርሳል፤ አንድ ይተርፋል፤ ቀጥል አሁን።»
ጻፈ። ሦስት። ደግሞ አንድ። ዜሮ፣ አስር፣ ሦስት። ደግሞ አንድ።
ፈገግ አለ፤ «ሴትዮ፣ እስከ ነገም አያልቅ፣ ይሄማ ማብቂያ የለው መንገድ።»

«አይለቅ» አልኩት። «ኮረብታውስ መች አልቆልን ያውቃል?
ከላይ ስንጨርሰው ከታች ያቆጠቁጣል።
እርሳስህ እስኪያልቅ ጻፍ፣ ከኋላ ያለው ሰልፍ ይቁም፤
ያቺ አንዷ የኛ ናት፤ ብትደቅ፣ ብትልም፣ አትጠፋም።»
ራኪያማ ክንዴን ያዘች። ፑንያ ለዛሬ አልሳቀችም።

ብዙ ቆየ። ኋላ አንድ ነጥብ፣ አንድ ሦስት ጻፈልን፤
ሃያ ስምንት ነጥብ ሦስት። የቀረውን ሠረዘው። ወረድን።
ሆስፒታሉ ደጅ ስንደርስ ጨልሟል። ማሊካ በመስኮት ታየች፤
«ስንት ሆነ?» አለች።
ነገርናት።
«ነጥብ ደግሞ ምንድን ነው?» አለች፣ እየሳለች።
ከነርሷ እርሳስ ለመንኩ።