ሦስተኛው ስንኝ

ጉሙ ከጦሳ ይወርዳል፤ አንድ ኤንትሬ ሐረጎን ይወጣል።
ጉሙ ከጦሳ ይወርዳል፤ ያው ኤንትሬ ሐረጎን ይወጣል።
«ደገምሽው እኮ፣ ሙሒባ።»
«ታገሥ፤ ሦስተኛው መልስ ያመጣል።»

ፊልም መቁረጥ የተማረችው ከጋቢና ነው፣
ፀሐይ ካጣመመው ካሴት፤
አንድ ጥቁር ሰው፣ ጊታርና ጉሮሮ፣
ስንኙን ሁለቴ የሚል፣
በር እንደሚያንኳኳ እንግዳ።
ብሉዝ መባሉን አባቷ፣ ሹፌር እንድሪስ፣ አያውቁም፤
«ይሄ ሰውዬ ዕዳ አለበት» ይሉ ነበር ብቻ፣
ፍሬን እየረገጡ፣ ቁልቁል፣ ወደ ኮምቦልቻ።

«ባቲ እያለ? አምባሰል እዚሁ ደጃችን?» ይሏታል ፒያሳ ላይ።
«ለቅሶ ቤት ዘመድ ጎን ለጎን ነው የሚቀመጠው» ትላለች፣
ሻይዋን ሳትጨርስ ትነሳለች።

ትናንት ማታ መብራት ሄደ።
በቀረችው የላፕቶፕ ባትሪ ሦስተኛውን አሳየችኝ፦
ጉሙ ከጦሳ ይወርዳል፤ ሐረጎ ላይ ማንም የለም።
ኩርባው። የታጠፈ የመንገድ ብረት።
ከጉሙ ውስጥ የፍሬን ሲቃ፤
ከዚያ እሱም የለም።

«እዚህ ጋ ቁረጪው» አልኳት።
ጣቷን ቁልፉ ላይ አሳርፋ
ባትሪው ራሱ እስኪቆርጠው ጠበቀች።