ትርንጎ

አባቴ ወንድይፍራው ስኳር መዛኝ ነበር፣
በራሽኑ ዘመን፣ በቀበሌው ሱቅ በር።
የደብረ ሲና ጉም ወርዶ ሰልፉን ሲውጠው
ድምፁ ብቻ ነበር ከውስጥ የሚመጣው፦
"ለእሱ ሁለት ኪሎ፤ ለእሷ ኪሎ ተኩል።"
ለዘመድ አይጨምር፣ ለባዳ አያጎድል።
ከሳህኑ ጠርዝ ላይ የቀረችን ቅንጣት
ወደ ጆንያው ይመልሳል፤ ልሶ አያውቅም በጣት።

ቤት ሲገባ ግን ሌላ ነው።
ማንኪያው አምስት ካልሞላ ሻዩን ሻይ አይለውም፣
ስድስተኛም ቢጨመር "በቃ" ከአፉ አይወጣውም።
ሰው ሴት ልጁን ሲጠራ "ማሬ"፣ "ወለላዬ"፣
የኔ ስም ትርንጎ፤ እንግዲህ እጣዬ።

ባለፈው ግንቦት ነው የጀመረው።
ውሃ ጥም ያዘው፤ ሌሊት አራቴ ይወጣ፣
የአውራ ጣቱ ቁስል ሳይድን ክረምት መጣ።
ደብረ ብርሃን ወሰድኩት፤ ብርዱ አጥንት ይሰብራል።
ነርሷ ጣቱን ወጋች፣ ማሽኗ ይቆጥራል፤
"አባባ፣ ሦስት መቶ ሰማንያ" አለች።
"ግራም ነው?" አላት።
ዝም ብላ አየች።
እኔ ነኝ የሳቅኩት።
በኋላ ሽንት ቤት ገብቼ ያንን ሳቅ አለቀስኩት።

አሁን ጥር ደርሶ የምትኩ ቀለበት፣
ለስላሳ በሳጥን ተቆልሏል ከቤት፣
ጠጁም ተጥሏል፤ ለአባቴስ? ውሃ ብቻ!
ጥግ ይዞ ሊቀመጥ፣ በገዛ ልጁ ጋብቻ።
አይሆንም።

ማታውን ከርከዴ አፍልቼ አሳደርኩት፣
ቀረፋ ሰበርኩበት፣ ዝንጅብል ወቀጥኩት።
ጌታነህ በአይሱዙ ከሸዋ ሮቢት ወጥቶ
ማንጎ ያወርድልኛል፣ ሳጥኑን ሞልቶ።
"ማር እኮ ነው!" ይላል።
"እሱማ ነው ጉዱ፤ ሎሚውን ስጠኝ" አልኩት፣
ስድስት ብርቱካንም ቆጥሬ መረጥኩት።

ልጨምቅ ስል አባቴ ከኋላዬ ቆሟል፤
ያ የዛገ ሚዛን ከአልጋው ሥር ወጥቷል።
"ስንት ነው?"
"ስድስት።"
"ለስንት ሰው?"
"ለሃያ።"
ሦስቱን መልሶ አኖረ።
"ብርቱካን አትመኚው፤ ስኳር ደባቂ ነው፣
ፊቱን አኮምጥጦ፣ ጓዳው መጋዘን ነው።
ስንቱን ከነጆንያው የያዝኩት እኔ ነኝ፣
ሽታው ይነግረኛል፤ እሱ አያታልለኝ።
አትጭመቂው በይ፣ ስስ አርገሽ ክተፊው፣
ከነልጣጩ ይሁን፣ ከላይ አንሳፍፊው።"

አምቦ ውሃ ጨመርኩ፤ ተንቸፈቸፈ በጆግ፣
ናና በጠስኩበት ከጓሮው ጥግ።
ቀመሰ።
ዓይኑ መደርደሪያው ላይ ሄደ፣ ስኳር ዕቃው ጋ፤
እዚያው ቆየ ትንሽ፣
የድሮ ወዳጁ በሩን እንደዘጋ።
"ምን ይመስላል?" አልኩት።
"ስምሽን።"

ወጣሁና ከጎረቤት ዛፍ አንድ ትርንጎ ቆረጥኩ፣
ያንን ሸካራ ልጣጭ ጆጉ ላይ ፈቀፈቅኩ።

"የአባባ ብቻ" ብዬ ጥግ ላይ ነበር ያኖርኩት።
መጀመሪያ እትዬ አሰገደች መጡ፤
ሰባት ዓመት ሙሉ በየሠርጉ ሚሪንዳ ሲጠጡ
ያየናቸው ሴት።
"ከቀዩ ቅጂልኝ" አሉኝ በሹክሹክታ፣
"እኔም ያው ነኝ" አሉ፣ ነጠላቸው ውስጥ ለአፍታ።
የሙሽሪት አጎት ተከተሉ፣ ኪሳቸው ውስጥ መርፌ፤
ከዚያ የትምህርት ቤቱ ዘበኛ፤ ሰልፉ ደረሰ ደጃፌ።
ያ ሁሉ ሰው! የአንድ ሰፈር ሰው ሙሉ
በየጓዳው ታመዋል፣ አንዱ ላንዱ ሳይሉ።

አባቴ ተነሣ። ጭልፋውን ከእጄ ነጠቀኝ።
"ሰልፍ ያዙ!" አለ፤ ያ ድምፅ ከጉሙ ውስጥ መጣብኝ።
ግማሽ ብርጭቆ፣ ግማሽ፣ ግማሽ።
አንድ ሕፃን "ድገመኝ" ቢለው
"ካርድህ የታለ?" አለው።

ጆጉ ሲያልቅ ጠርዙ ላይ አንዲት ጠብታ ቀረች።
ግራ ቀኝ አየ፣
በጣቱ ጠረጋት፣
ላሳት።
አንድ ዓይኑን ጨፈነ።