የማክሰኞ ቅጽ

ቅጹ አምስት ሳጥን አለው፤
«ዓላማ» ይላል የላይኛው፤
«ግብ»፣ «በጀት»፣ «የተሳታፊ ቁጥር»፤
ከሁሉ በታች ጠባብ መስመር፦
«ሌላ ካለ»።
እኔም ሞላሁት፣ ብዕሬ እየቸኮለ።

«ዕድሜ፣ ከአሥራ ሦስት እስከ አሥራ ስምንት፤
ማክሰኞ፣ አሥር ሰዓት፤
የግጥም ጨዋታ፣ ብስኩት፣ ጭማቂ።»
ወሩ ጥር፣ አገሩ ዊኒፔግ፣ ብርዱ አጥንት ፈልቃቂ።

ቢጫ ወረቀት ላይ አተምኩት፤
በሩ ላይ፣ ሊፍቱ ላይ፣ መጸዳጃው ላይ ለጠፍኩት፤
ሃያ አራት ወንበር ደረደርኩ፤
ሃያ አራት እርሳስ ቀረጽኩ፣
ጫፋቸው እንደ መርፌ፤
ከዚያ ቆምኩ፣ በሩን ተደግፌ።

ማንም።
ውሸት እንዳይሆንብኝ፣ ሚስተር ሃልቨርሰን መጡ፤
ሰባ ዘጠኝ ዓመታቸው፤ ሦስት ብስኩት በልተው ወጡ።

በሁለተኛው ማክሰኞ ቼዝ ዘረጋሁ፤
በሦስተኛው፣ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣
የስልክ ጭፈራ ላስተምር ተነሣሁ፤
ከፎቶ ኮፒው ጀርባ
ሳቅ ሰማሁ።

ሳቁን ተከትዬ ሄድኩ፤ እዚያ ነበሩ፣ ሁሉም፤
ወንበር በሌለበት፣ ማስታወቂያ ባልደረሰበት ጥግ፣
ጀርባቸውን ከማሞቂያው ብረት ለጥፈው፣
በመስኮቱ የአውቶቡሱን ማቆሚያ አፍጥጠው።
ውጭው ከዜሮ በታች ሠላሳ አንድ፤
አውቶቡሱ በአርባ ደቂቃ አንዴ፤
ለካስ እኔ ሳቅድ፣ ሆዴ፣
እነሱም ዕቅድ ነበራቸው፦
እጅ እስኪሞቅ መቆየት፣ ከዚያ መሮጥ ወደ ቤታቸው።

ቻንቴል ከጃኬቷ ዚፕ ጋር ግብግብ ገጥማለች፤
በጥርስም፣ በጥፍርም፣ በስድብም ሞክራለች።
ከኪሴ እርሳስ አወጣሁ፣ ያንኑ ለግጥም የቀረጽኩትን፤
አሸሁበት፣ ላይ ታች፣ ጥርስ ጥርሱን፤
ዚፑ ጥቁሩን ዱቄት ጠጥቶ
እስከ አገጯ ወጣ፣ ሽው ብሎ፣ ተፍታቶ።

«የኔስ?» አለ ጄሪኮ፣ ቦርሳውን ዘርግቶ።
ኖላዊ፣ ድምፁን ሰምቼ የማላውቀው፣ ከጎኔ መጥቶ
«አባቴ ፒንሳ አለው፤ ማክሰኞ ላምጣ?»
ማክሰኞን፣ በቢጫ ወረቀት ተሰቅላ የከረመችውን፣
እሱ አወረዳት፤ መለሰልኝ ቀኔን።

በአራተኛው ጠረጴዛውን ገፍተን
መስኮቱ ሥር አስጠጋነው፣ አውቶቡሱ እንዲታየን፤
ፒንሳ፣ ሻማ፣ መርፌ፣
የተሰበረ የዚፕ ራስ በቆርቆሮ፤
አሥራ አንድ ልጅ፣ የአንዷ ታናሽ ወንድም፣
ሚስተር ሃልቨርሰንም፣ ካፖርታቸውን ተሸክመው፣
በቻንቴል ትእዛዝ ተራ ጠብቀው።

ወሬውንስ የትኛው ሳጥን ይችለዋል?
እጅ ሥራ ሲይዝ አፍ ይፈታል፤
ዓይን ለዓይን ሳይተያዩ ስንቱ ይወጣል፦
«ሒሳብ ወደቅሁ።»
«እናቴን የማገኛት እሑድ ብቻ ነው።»
«ይሄኛው ዚፕ የሟች አጎቴ ነው፣ ቀስ በሉት።»
ቀስ አሉት።

ማርሊስ፣ አለቃዬ፣ ደወለች፤ «ቁጥሩ ስንት?» አለች።
«ዚፕ አሥራ ሰባት፣ ቦርሳ አራት፣ አንድ ቦት ጫማ።» ሳቀች።
«የተዋሱትስ መጽሐፍ?»
«አንድ።»
ዝም አለች፤ እኔም ዝም።
ከመስመሩ ማዶ የሷም ዚፕ ሲንሸራተት የሰማሁ መሰለኝ፤
እርግጠኛ አይደለሁም።

የየካቲቱን ቅጽ ለቻንቴል ሰጠኋት፣ ከደነዘ እርሳስ ጋራ፤
«ዓላማ» በሚለው ሥር «ደረት እንዳይበርድ»፤
«በጀት» በሚለው ሥር «ሻማ»፤
«ሌላ ካለ» ላይ ትንሽ አሰበችና፣
«ግጥም። ግን ማንም አይገደድ።»

ያ አንዱ መጽሐፍ ትናንት ጧት
ከመመለሻው ሳጥን ወጣ፣ በረዶ ሆኖ፤
ኖላዊ የተዋሰው፤ ቀኑ አልፎበት እንጂ አልጨረሰውም፤
ገጽ ስልሳ አንድ ላይ
የተሰበረ የዚፕ ራስ በሆዱ ይዞ።
መልሼ በስሙ መዘገብኩለት።
ዚፑን ከቦታው አላነሣሁትም።