ጢምም ጉትቻም የሌላት ቃል

እናቴ ኪሊኪ የፊንላንድ ልጅ፣
መርከብ አምጥቶ ጣላት ቦሮስ፣ ክር ፋብሪካ ደጅ።
ሠላሳ ዓመት ሙሉ ማጠንጠኛ አዞረች፣
በማሽኑ ጩኸት ውስጥ ስዊድንኛ ተማረች።

ምላሷ "በ"ን አያውቅ፣ "ፐ" አርጎ ነው የሚያወጣ፤
ከመኪናችን ጋር ገጠመን አንድ ጣጣ፦
"ቢል" ማለት መኪና፣ "ፒል" ሲሉ ግን ቀስት፤
እናት፣ አባት፣ እኔ፣ ባንድነት ሦስት፣
እሑድ ሐይቅ የምንወርደው ተሳፍረን በቀስት።

ይህስ ያስቃል እንጂ ማንንም አይጎዳ፤
ሌላ ነበረባት የማይከፈል ዕዳ።

"ሄን" ይላል ያገሯ ሰው ለወንድም ለሴትም፤
አንዲት ቃል ናት እሷ፣ ጢምም ጉትቻም የላትም።
እዚህ ግን ተለየ፦ "ሃን" እሱ፣ "ሁን" እሷ፤
ቀድሞ የደረሰው ዱብ ይላል ከምላሷ።

አስተማሪዬ ጉንቮር ደብዳቤ ጽፋ ነበር፦
"ልጅቷ እንዳትቸገር፣
እቤትም በኛው ቋንቋ ይሁን የምታወሩት ነገር።"
እናቴም ታዘዘች።
"አባትሽ መጣች" ትለኛለች፣ "ጫማዋን ጥላለች፤
እራቷን አቅርቢላት፣ ስትደክም ውላለች።"

እኔም የሰባት ዓመት ልጅ፣ ጣቴን ቀስሬ፣
"ሃን! ሃን በይ፣ እማ!" አልኳት ሰው ፊት አፍሬ።
"ሃን" ትላለች ቀስ ብላ፣
በመርፌ ዐይን ክር እንደምትሰካ፤
ነገ ጧት ያው ናት፤ ክሩ ወጥቷል ለካ።

አባቴ ታውኖ በጥር ሞተ። በረዶው ጉልበት ድረስ።
ቢሮ ተቀመጥን ቁጥራችን እስኪደርስ፤
እናቴ የኮቷን ቁልፍ ትፈታለች፣ ትቆልፋለች።
ወጣቱ ጸሐፊ ትሑት ነው፤ አንገቱን ሰበረ፣
"የሞተባችሁ ማን ነው?" ብሎ ጀመረ።

"ጧት ላይ ሞተች" አለች እናቴ ረጋ ብላ፣
"ገንፎዋን ሠርቼላት ነበር፤ ሄደች ሳትበላ።"
"እህትሽ ናት?" አለ። መልስ ሳይጠብቅ ብዕሩ አረፈ፣
ከሁለት ትንንሽ ሳጥን አንዷን ጭሮ አለፈ።

ጣቴ ተነሣ፤ ያው የሰባት ዓመት ጣት፤
ቃሏ ከንፈሬ ላይ ደርሳ
እናቴን አየኋት።
ታወራለች፦
ስለ ሌሊት ሳሏ፣ በር ላይ ስለቀረው
ስለ ትልቅ ጫማዋ፤ በረዶ ስለቀበረው
ደጅ ስለቆመው ቀስቷ።
ጣቴን አጠፍኩት።

በሳምንቱ ስልክ ደውዬ ስሕተቱን አሳረምኩ፤
የፊተኛውን ወረቀት ግን መሳቢያዬ ውስጥ አስቀመጥኩ።
"ታውኖ፣ ሾፌር። ሟች፦ ሴት" ይላል፣ በሰማያዊ ቀለም።
ስሕተት ነው፣ አውቃለሁ። የሚታረም ግን የለም።